ፊልሙን ሁሉም አየው፤ ሴትዮዋን ማን አያት?

«ፈልጋ ነው የገባችበት።» ይህቺ አጭር አባባል በኒውዮርክም በአዴትም እኩል ትሠራለች። ክርክር ትዘጋለች፤ ተመልካቹን ከጥያቄ ታድናለች፤ ቪዲዮውን ወደሚቀጥለው ስልክ ለማሳለፍም ፈቃድ ትሰጣለች። ምን ያህል ልታሳስት እንደምትችል ለማየት ግን የሊንዳ ቦርማንን ታሪክ ከሥሩ ማየት ይበቃል። ነገርን ከሥሩ፣ ውኃን ከጥሩ እንዲሉ።

የፖሊሱ ልጅ

ዓለም «ሊንዳ ላቭሌስ» ብሎ የሚያውቃት ሴት ትክክለኛ ስሟ ሊንዳ ሱዛን ቦርማን ነው። የተወለደችው እ.ኤ.አ. በ1949 በኒውዮርክ ብሮንክስ ነው። አባቷ ፖሊስ ነበር። ያደገችው ጥብቅ በሆነ ቤት፣ የተማረችውም በካቶሊክ ትምህርት ቤት ነው። ከወንዶች ራቅ ስለምትል የትምህርት ቤት ጓደኞቿ በቅድስናዋ ይቀልዱባት እንደነበር ተጽፏል። በ20 ዓመቷ ያለ ጋብቻ ወለደች፤ ሕፃኑም ለማደጎ ተሰጠ። ብዙም ሳይቆይ ከባድ የመኪና አደጋ ደረሰባትና ለማገገም ፍሎሪዳ ወዳሉት ወላጆቿ ቤት ተመለሰች።

ቻክ ትሬይነር የሚባለውን ሰው ያገኘችው በዚያ ጊዜ ነው። የመጠጥ ቤት ባለቤት ነበር። ሴትዮዋ ታማለች፣ ከእናትና አባቷ ጋር አልተስማማችም፣ ገንዘብ የላትም። ሰውየው መኪና አለው፣ ቤት አለው፣ የሚያባብል አፍ አለው። እንዲህ ያለውን ገጠመኝ ለመረዳት አሜሪካን ማወቅ አያስፈልግም። ከገጠር ወጥታ ከተማ ላይ ብቻዋን የቆመች ልጅ ባለችበት ሁሉ እንዲህ ያለ ሰው አይጠፋም። በመጀመሪያ የሚታየው ሳሩ ነው፤ ገደሉ የሚታየው ቆይቶ ነው።

እ.ኤ.አ. በ1971 ተጋቡ። በ1972 መጀመሪያ ላይ ፍሎሪዳ ውስጥ አንድ ፊልም ተቀረጸ። ፊልሙ «ዲፕ ስሮት» ይባላል፤ ዳይሬክተሩ ጄራርድ ዳሚያኖ ነው። ወጪው 25 ሺህ ዶላር ገደማ ነበር። ለዋና ተዋናይቷ የተከፈለው 1,250 ዶላር ነው። እሷ በኋላ እንደተናገረችው ያንንም ገንዘብ የወሰደው ባሏ ነው።

ፋሽን የሆነ ፊልም

ፊልሙ በጁን 1972 በኒውዮርክ ታይምስ ስኩዌር አካባቢ ባለ ሲኒማ ቤት መታየት ጀመረ። ከዚያ በፊት እንዲህ ያለው ነገር በጨለማ፣ በድብቅና በኮት ኮሌታ ፊት ተሸፍኖ የሚታይ ነበር። ይህኛው ግን አደባባይ ወጣ። ታዋቂ ሰዎች በሰልፍ ቆመው ገቡ፤ ባለትዳሮች ተያይዘው ሄዱ፤ ትልልቅ ጋዜጦች ስለ አዲሱ ፋሽን ጻፉ። አንድ የኒውዮርክ ዳኛ እ.ኤ.አ. በ1973 ፊልሙ ጸያፍ ነው ብሎ ፈረደ፤ ሲኒማ ቤቱንም ቀጣ። ፍርዱ ማስታወቂያ ሆነለት። ዋተርጌት የተባለውን የፕሬዚዳንት ኒክሰንን ቅሌት ያጋለጠው ምስጢራዊ ምንጭ እንኳ በጋዜጠኞቹ ዘንድ ቅጽል ስሙ ከዚሁ ፊልም የተወሰደ ነበር። የዚያ ሰው ማንነት (የኤፍቢአይ ምክትል ኃላፊ የነበረው ማርክ ፌልት) የታወቀው እ.ኤ.አ. በ2005 ነው።

ገንዘቡስ የት ሄደ? ፊልሙን ገንዘብ አውጥተው ያሠሩት ከኒውዮርክ የማፊያ ቤተሰቦች ከአንዱ ጋር የተሳሰሩ ሰዎች ነበሩ። ጠቅላላ ገቢው 600 ሚሊዮን ዶላር ደርሷል የሚል ወሬ አለ፤ ይህ ቁጥር የተጋነነ ነው ብለው የሚከራከሩ ብዙ ናቸው። ነገር ግን ዝቅተኛውን ግምት ቢወስዱም ገንዘቡ በብዙ ሚሊዮኖች የሚቆጠር ነው። ዳይሬክተሩ ራሱ ድርሻውን በ25 ሺህ ዶላር ትቶ እንዲወጣ ተደረገ። ወንዱ ተዋናይ ሃሪ ሪምስ እ.ኤ.አ. በ1976 ሜምፊስ ላይ ተከስሶ ጥፋተኛ ተባለ፤ በዓመቱ ፍርዱ ተሻረለት። ፊቱን ለካሜራ የሰጠ ሁሉ ዕዳውን ከፈለ። ትርፉ ፊታቸው ለማይታይ ሰዎች ሆነ።

ይህ የዘርፉ ሕግ ነው ማለት ይቻላል። ስም ያላት ሴት ነውሩን ትሸከማለች፤ ስም የሌለው ባለገንዘብ ትርፉን ይሸከማል።

ሰሙና ወርቁ

የጎጃም ሰው ሰምና ወርቅ ለይቶ መስማት ያውቃል። የዚህን ፊልም ሰም ዓለም ሁሉ ሰማ። ሳቅ አለ፣ ቀልድ አለ፣ ደስተኛ የምትመስል ወጣት አለች። እንዲያውም በ1974 በስሟ የወጡ መጻሕፍት ይህንኑ ሕይወት በደስታ የመረጠች አድርገው አቀረቧት። ወርቁ የወጣው በ1980 ነው።

በዚያ ዓመት «ኦርዲል» (መከራ እንደማለት ነው) የሚለውን መጽሐፍ ከጋዜጠኛ ማይክ ማግሬዲ ጋር አሳተመች። በመጽሐፉ እንዳለችው ትሬይነር ይደበድባት፣ በመሣሪያ ያስፈራራት፣ ከሌሎች ወንዶች ጋር እንድትተኛ አስገድዶ ገንዘቡን ይቀበል ነበር። ፊልሙንም የሠራችው በፍርሃት ነው። አሳታሚዎቹ በቀላሉ አላመኗትም፤ መጽሐፉ ከመታተሙ በፊት በውሸት መመርመሪያ መሣሪያ እንድትፈተሽ አደረጉ። ፊልሙን መልሰው ያዩ ሰዎች ደግሞ ከዚያ በፊት ልብ ያላሉትን አንድ ነገር አስተዋሉ። እግሮቿ ላይ የበለዘ ቦታ ይታያል። ቁስሉ ያን ሁሉ ዓመት በትልቁ ስክሪን ላይ ነበር። ዐይን ሁሉ የሚፈልገውን እንጂ ያለውን አላየም።

ከ1986 በፊትና በዚያው ዓመት ባለሥልጣናት ባካሄዷቸው የምስክርነት መድረኮች ላይ ቀርባ፣ ያንን ፊልም የሚያይ ሰው የእሷን መደፈር እያየ መሆኑን ተናገረች። እንደ ግሎሪያ ስታይነም፣ አንድሪያ ድዎርኪንና ካተሪን ማኪነን ያሉ የሴቶች መብት ተሟጋቾች ከጎኗ ቆሙ።

አወዛጋቢው ክፍል

እዚህ ላይ ታሪኩን በአንድ ቀለም መቀባት ቀላል ነው፤ ትክክል ግን አይሆንም።

ትሬይነር አስገድዷታል መባሉን ክዷል። መምታቱን ግን ሙሉ በሙሉ አልካደም። በቀረጻው ላይ ከነበሩት አንዳንዶቹ በካሜራ ፊት ደስተኛ እንደነበረች፣ ማንም እንዳላስገደዳት መሰከሩ። ሌሎች ደግሞ ማታ ማታ ከሆቴል ክፍሏ የድብደባ ድምፅ ይሰማ እንደነበር ተናገሩ። ሁለቱም እውነት ሊሆን ይችላል። ማታ የተመታች ሴት ጠዋት ብትስቅ፣ ሳቋ መመታቷን አያጠፋውም። ይልቁንም የተመታ ሰው ለምን አብዝቶ እንደሚስቅ ማንኛዋም ባሏ የሚደበድባት ሴት ታውቀዋለች። እንግዳ ሲመጣ ቡና አፍልታ፣ ፈንዲሻ በትና፣ ነጠላዋን አስተካክላ የምትቀበል ሴት በየመንደሩ አለች። ጎረቤት ይህን አይቶ «ደስተኛ ናት» ካለ፣ ያየው እውነት ነው፤ የደመደመው ግን ስህተት ነው።

ሌላም አለ። ሊንዳ በኋላ ዘመኗ የሴቶች መብት ተሟጋቾቹም እንደተጠቀሙባት ተናግራለች። መድረኩ ካለቀ በኋላ ወደ ድህነቷ ብቻዋን ተመለሰች። በመኪና አደጋው ጊዜ የተሰጣት ደም በጉበት በሽታ አምጪ ቫይረስ የተበከለ ስለነበር በ1987 የጉበት ንቅለ ተከላ አስፈለጋት። ሁለተኛ ትዳሯ በ1996 ፈረሰ። በ2001 ደግሞ ለአንድ የወንዶች መጽሔት በውስጥ ልብስ ፎቶ ተነሣች። ተቺዎቿ ይህን ይዘው «አየናት፣ ውሸቷን ነበር» አሉ። እ.ኤ.አ. በኤፕሪል 2002 ዴንቨር አቅራቢያ በደረሰባት ሌላ የመኪና አደጋ በ53 ዓመቷ አረፈች። ትሬይነርም በዚያው ዓመት በጁላይ ሞተ። እስከዚያ ድረስ አንድም ፍርድ ቤት በእሷ ክስ አልጠየቀውም። ከእሷ በኋላ ያገባትም ሌላዋን የዘርፉን ታዋቂ ተዋናይት ማሪሊን ቼምበርስን ነው። ያዳቆነ ሰይጣን ሳያቀስስ አይለቅም።

እንግዲህ ውርሷ ይህ ነው። ለአንዱ ወገን የወሲብ ነፃነት ምልክት፣ ለሌላው ወገን የሴት ባርነት ማስረጃ። ሁለቱም ወገኖች የሚፈልጉት ምልክቷን ነው። እሷ ግን ምልክት ከመሆኗ በፊት ኪራይ የሚያስጨንቃት፣ ጉበቷ የታመመ፣ ሁለት ልጆች የምታሳድግ ሴት ነበረች። ንጽሕት ሰማዕት መሆን አላስፈለጋትም። በ2001 የተነሣችው ፎቶ በ1972 የደረሰባትን ሊሽረው አይችልም። ዛሬ በፈቃዱ ገበያ የወጣ ሰው ትናንት አልተዘረፈም አይባልም።

በፈቃዳቸው ወደዚህ ሥራ የሚገቡ ሴቶች የሉም ማለትም አይቻልም። አሉ፤ ራሳቸውም ይናገራሉ። ፈቃድ መኖር አለመኖሩ የሚታወቀው ግን በፈገግታ አይደለም። መመዘኛው ሁለት ጥያቄ ነው፦ መውጣት ትችላለች ወይ? የሰጠችውንስ መልሳ መውሰድ ትችላለች ወይ? ሊንዳ ሁለቱንም አልቻለችም። ከባሏ በጭንቅ አመለጠች፤ ከፊልሙ ግን እስክትሞት አላመለጠችም። ከአፍ የወጣ አፋፍ ይባላል። ከካሜራ የወጣ ደግሞ አፋፍም የለውም።

ከታይምስ ስኩዌር እስከ ፍኖተ ሰላም

ይህ ሁሉ ለምዕራብ ጎጃም ሰው ምኑ ነው? ኢትዮጵያ ውስጥ የወሲብ ፊልም ኢንዱስትሪ የለም። የ1996ቱ የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 640 ጸያፍ ምስልና ፊልም መሥራትን፣ ማስገባትንና ማሰራጨትን ይከለክላል። ነገሩ ግን በሕግ አልቆመም። ድሮ በየከተማው ቪዲዮ ቤት በር ዘግቶ የሚያሳየው ነበር። ቀጥሎ ዘፈን በሚጫንበት ሱቅ ከዘፈኑ ጋር አብሮ በሚሞሪ ካርድ ተጫነ። አሁን ሱቅም አያስፈልግም። ኢንተርኔት ቢኖር በቴሌግራም፣ ባይኖር ከስልክ ወደ ስልክ ይሻገራል።

ስለዚህም ዛሬ «ተዋናይት» የምትሆነው ውል የፈረመችው ሴት ብቻ አይደለችም። የወደደችው ልጅ የቀረጻት፣ ያመነችው ሰው ያስቀረባት፣ ስልኳ ጠፍቶ ወይም ሊጠገን ተሰጥቶ ምስሏ የወጣ፣ አረብ አገር በሰው ቤት ስትሠራ በማስፈራሪያ የተቀረጸች ሴት ሁሉ ሳትፈልግ ተዋናይት ትሆናለች። እሷ 1,250 ዶላር እንኳ አይደርሳትም።

በአዴት፣ በቡሬና በፍኖተ ሰላም ከገጠር መጥተው ቤት ተከራይተው የሚማሩ ልጃገረዶች አሉ። ቅዳሜና እሑድ ወደ ወላጆቻቸው ሄደው የሳምንት ስንቃቸውን ተሸክመው ይመለሳሉ። አባት በሬ ሸጦ፣ እናት ዶሮና እንቁላል ሸጣ የምታስተምራት ልጅ ናት። እንዲህ ካሉት የአንዷ ምስል አንድ ቀን ቢወጣ የሚሆነውን ሁሉም ያውቀዋል። መጀመሪያ የክፍል ጓደኞቿ ያዩታል። ከዚያ ከተማው ያየዋል። በመጨረሻ የሚሰማው አባቷ ነው። ትምህርቷ ይቆማል፤ ወይ ወደ ባሕር ዳር፣ ወይ ወደ አዲስ አበባ፣ ወይ ወደ ስደት ትጠፋለች። «ዘሯን አሰደበች» ይባላል። የቀረጻት ወንድ ግን እዚያው ከተማ፣ እዚያው ቡና ቤት በረንዳ ላይ ይቀመጣል። ስሙን የሚያነሣ የለም፤ ዘሩንም አሰደበ የሚለው የለም።

ይህ ፍርድ ለአንዲት የገጠር ልጅ ብቻ የተሰጠ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2013 በቢግ ብራዘር አፍሪካ ውድድር ላይ አንዲት ኢትዮጵያዊት ተሳታፊ በካሜራ ፊት በፈጸመችው ድርጊት አገር ተንጫጭቶ ነበር። ትከሰስ ተባለ፤ አገር አዋረደች ተባለ። አብሯት የነበረው የሴራሊዮን ሰው በዚህ አገር የማንም ጉዳይ አልሆነም። መኝታ ክፍል ውስጥ ካሜራ ተክሎ ለአህጉር ሙሉ የሸጠውን ጣቢያ የጠየቀውም ሰው ጥቂት ነበር። ድርጊቷን አለመደገፍ የማንም መብት ነው። ነገር ግን ሦስት አካላት ባሉበት ጉዳይ ድንጋዩ ሁሉ ወደ አንዷ ከተወረወረ፣ ጉዳዩ የሥነ ምግባር ሳይሆን የኢላማ ምርጫ ነው።

ሕጉ የት ነው?

ሕግ የለም የሚባለው እውነት አይደለም። የ2008ቱ የኮምፒዩተር ወንጀል አዋጅ (ቁጥር 958/2008) ሁለት ጠቃሚ ድንጋጌዎች አሉት።

አንደኛው አንቀጽ 12 ነው። አካለ መጠን ያልደረሰችን ልጅ የሚያሳይ የወሲብ ምስል ማዘጋጀት፣ ማስተላለፍ፣ ማሰራጨት ብቻ ሳይሆን ያለ ሥልጣን ይዞ መገኘትም ከ3 እስከ 10 ዓመት ጽኑ እስራት ያስቀጣል። አንድ ጊዜ ደግሞ ሊነበብ የሚገባው ነው። የአንዲት የ16 ዓመት ተማሪ ቪዲዮ ስልኩ ላይ ያለ ሰው «እኔ አላሠራጨሁም፣ ልከውልኝ ነው» ብሎ አያመልጥም። በየመንደሩ ስንት ሰው ይህን ያውቃል?

ሁለተኛው አንቀጽ 13 ነው። የሰውን ክብርና መልካም ስም የሚያጎድፍ ቪዲዮ ወይም ምስል በኮምፒዩተር አማካይነት ማሰራጨትን ይቀጣል። ድንጋጌው ጥሩ ነው፤ ነገር ግን የሚንቀሳቀሰው በተበዳይ አቤቱታ ነው። ማለትም ምስሏ በከተማው የተሠራጨባት ልጅ ራሷ ፖሊስ ጣቢያ ሄዳ፣ ወንድ መርማሪ ፊት ተቀምጣ፣ ያንኑ ቪዲዮ አሳይታ «ይህቺ እኔ ነኝ» ማለት አለባት። በዚያ ላይ ጸያፍ ምስል መሥራት ራሱ ወንጀል እንደሆነ ስለሰማች «አንቺስ ለምን ተቀረጽሽ?» መባልን ትፈራለች። ስንቷ ትሄዳለች? ሊንዳ ቦርማን በአሜሪካ፣ በታዋቂ ስሟና በጋዜጠኛ ረዳትነት አፏን ለመክፈት ዓመታት ፈጅቶባታል።

ሌላው ዓለም ከዚህ ተምሯል፤ ዘግይቶም ቢሆን። በአሜሪካ ሳን ዲየጎ አንድ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በጃንዋሪ 2020፣ ቪዲዮው ኢንተርኔት ላይ እንደማይወጣ ተነግሯቸው ለተታለሉ 22 ሴቶች ከ12 ሚሊዮን ዶላር በላይ ካሣ ፈረደ። ሁሉም ሴቶች ፈርመው ነበር። ፍርድ ቤቱ ግን በማታለል የተገኘን ፊርማ እንደ ፈቃድ አልቆጠረውም። በደቡብ ኮሪያ ደግሞ በቴሌግራም ክፍሎች ውስጥ ሴቶችንና ታዳጊዎችን እያስፈራራ ያስቀረጸው ወጣት በዚያው ዓመት 40 ዓመት ተፈረደበት። አገሪቱ በዚህ አልቆመችም፤ ሕጓን አሻሽላ ያለ ፈቃድ የተቀረጸ የወሲብ ምስል መግዛትን፣ መያዝንና ማየትን ጭምር ወንጀል አደረገች። የቴሌግራም መሥራች ፓቬል ዱሮቭ እ.ኤ.አ. በኦገስት 2024 ፓሪስ ላይ ሲያዝ ከቀረቡበት ክሶች መካከል የሕፃናት የወሲብ ምስል ስርጭት ጉዳይ አንዱ ነበር። ክሱ የት እንደሚደርስ የፍርድ ቤቱ ጉዳይ ነው። ጥያቄው ግን ከቀረጸው ሰው አልፎ ወደ አሠራጩ፣ ወደ መድረኩና ወደ ተመልካቹ መሄዱ ግልጽ ነው።

ምን ይደረግ?

መንግሥት ቢያንስ ሁለት ነገር ማድረግ ይችላል። የአንቀጽ 13ን የአቤቱታ ቅድመ ሁኔታ ቢያንስ ለወሲብ ምስሎች ማንሣት፤ በየወረዳው እንዲህ ያለውን አቤቱታ ምስሉን ደጋግማ ሳታሳይ የምትቀበላት ሴት መርማሪ መመደብ። ይህ ብዙ በጀት የሚጠይቅ አይደለም።

ከሕግ በፊት ግን ባህል አለ። በጎጃም ምድር ደም የሚያደርቅ ሽማግሌ፣ ንስሐ የሚሰጥ አባት፣ ተው የሚባል ጎረቤት አሁንም አለ። ጋብቻ ሲበጠስና ወሰን ሲገፋ ሽማግሌ ይቀመጣል። የልጅ ክብር ሲገፋ ግን ሽማግሌው ዝም ይላል፤ ወይም የሚቀመጠው ልጅቷን ለማሸሽ ነው። አንድ ጊዜ እንኳ ሽማግሌ ተቀምጦ የቀረጸውንና የበተነውን «ካስ፣ ይቅርታ ጠይቅ፣ ስልክህን አስረክብ፣ ሕግ ፊት ቅረብ» ቢለው ከብዙ ስብከት ይበልጥ ያስተምራል። ጉዳዩ ወንጀል ስለሆነ እርቅ የሕጉን ቦታ አይተካም፤ ነውሩን ግን ወደ ባለቤቱ ሊመልሰው ይችላል። ትምህርት ቤትም እንዲሁ። ምስሏ የወጣባትን ልጅ ከማባረር፣ ቪዲዮውን ይዘው የሚዞሩትን መጠየቅ የርእሰ መምህሩ ሥራ ነው።

ከሁሉም ቀላሉና ከባዱ ግን የተመልካቹ ድርሻ ነው። በ1972 ታይምስ ስኩዌር ላይ በሰልፍ ቆሞ የገባው ሰው ሊንዳን በእጁ አልመታትም። ቲኬት ብቻ ነው የቆረጠው። ነገር ግን ያ ቲኬት ባይቆረጥ ኖሮ የሚሸጥ ነገር አይኖርም ነበር። ዛሬ ቲኬቱ ነፃ ሆኗል፤ አንድ ጊዜ መንካት ነው። ነፃ መሆኑ ዕዳውን አላጠፋውም። የሚከፍለው ሰው ብቻ ተለወጠ።

የወጋ ቢረሳ፣ የተወጋ አይረሳም። አንድ ፋይል ማንነቷ ያልታወቀች ሴትን ይዞ ስልክ ላይ ሲገባ፣ «ፈልጋ ነው» ከማለት በፊት እግሯን ልብ ብሎ ማየት ይገባል፤ የበለዘ ነገር ሊኖር ይችላል። ባይታይም እንኳ ማጥፋት ይሻላል። የሚቀጥለው ስልክ የወንድሟ ሊሆን ይችላል።